ውክልናውን ሳታይ ካሜራ እንዳታስነሳ

«1 ሚሊዮን ብር አጠራቅሜያለሁ፣ ጓደኛዬ የጻፈው ስክሪፕት አለ፣ ፕሮዲዩሰር ልሆን ነው፣ ከየት ልጀምር?» ብለህ ለጠየቅከው ወንድሜ። እኔም በ2009 ልክ እንዳንተ ነበርኩ። የትኛው ካሜራ ይሻላል የሚለውን ለካሜራማኑ ተውለት። ያንተ ሥራ ሌላ ነው።

1. ምሳ። አትሳቅ። ሠላሳ ሰው ከሌሊቱ 11 ሰዓት ተነስቶ ምሳው ከዘገየ፣ ከሰዓት በኋላ የሚቀረጸው ነገር ለኤዲተሩ ጣጣ ነው። የጾምና የፍስክ ለይ። አንድ ረቡዕ ጥብስ አስጭኜ ስደርስ የመብራት ባለሙያው ያየኝ አስተያየት እስከዛሬ አይረሳኝም። ከዚያ ወዲህ እኔ ጋ ምሳ ከ6 ሰዓት ተኩል አልፎ አያውቅም። አብሮኝ የሠራ ሰው ጠይቅ።

2. መንገድ ላይ ለመቅረጽ የፈቃድ ደብዳቤ። ሦስት ቀን «ኃላፊው ስብሰባ ናቸው» ተባልን። በአራተኛው ማህተም ተመታልን። ለካ ደብዳቤው የሚሠራው ከአስፋልቱ ወዲህ ብቻ ነው፣ ማዶው ሌላ ወረዳ ነው። «ማዶ እኛን አይመለከትም» አለኝ ሰውዬው፣ ቀና ብሎ እንኳን ሳያየኝ። ተዋናይቷን ወደዚህ አሻገርናት። ቦሌ የምትሄደው ልጅ የፒያሳ ታክሲ ስትጠብቅ ታየች! ማንም ልብ አላለም። እኔ ግን ባየሁት ቁጥር ያመኛል።

3. ቤት። የተቃጠልኩት እዚህ ላይ ነው። ገርጂ አንድ ቪላ አገኘን። ባለቤቷ ውጭ አገር ናት። «ዘመዷ ነኝ» ያለ ሰው በቀን 3 ሺህ ተስማማ፣ በቃል። የስድስት ቀን ቀብድ ቆጥሬ ሰጠሁት። ሳሎኑ አረንጓዴ ግድግዳና ትልቅ ቀይ ሶፋ ነበረው፣ ዳይሬክተሩ ሲያየው አበደ። በአምስተኛው ቀን ማታ የባለቤቷ እህት ቁልፍ ይዛ መጣች። ሰውዬው ውክልና የለውም። ስልኩም ጠፋ። እቃችንን በጨለማ አወጣን።

ሳሎን ውስጥ የሚቀረጹ 9 ትዕይንቶች ይቀሩናል። ተዋናዩ ግማሹን ንግግር ቀይ ሶፋ ላይ ተናግሯል፣ ሌላውን ግማሽ የት ይናገር? አያት ሰፈር ሌላ ቤት ተከራየን። ግድግዳውን ራሴ ቀባሁት። አረንጓዴው ሦስት ጊዜ እንቢ አለኝ፣ ሲደርቅ ይደምቃል። ሶፋውን ከእህትየዋ ለመግዛት ስጠይቅ መቸገሬ ገባት። 60 ሺህ ብር! የቡድኑን የአራት ቀን ክፍያ ስትጨምርበት 140 ሺህ ብር አፈር በላ። ስለዚህ ቤት ስትከራይ ባለቤቱን፣ ካልሆነ ሕጋዊ ውክልናውን በዓይንህ እይ። ኮፒውን ከውሉ ጋር አያይዝ። ቀረጻው ቢራዘም በስንት እንደምትቀጥል አሁኑኑ አስጽፍ።

ስክሪፕቱን የጻፈው ጓደኛህም ቢሆን ውል ይፈርምልህ። ወዳጅነቱ ፊልሙ እስኪያተርፍ ነው። የቅጂ መብት አዋጁ (410/1996) በውል ሌላ ካልተባለ የፊልሙን የኢኮኖሚ መብት፣ ማለትም በፊልሙ ገቢ የማግኘቱን መብት፣ ለፕሮዲዩሰሩ ይሰጣል። ቀድሞ የተሠራ ዘፈን ብታስገባበት ግን መብቱ የባለቤቱ ነው፣ «ዘፋኙን አውቀዋለሁ» አያዋጣም። ታሪኩ የእውነተኛ ሰው ከሆነማ ከካሜራም ከምሳም በፊት ከባለታሪኩ ጋር ተስማምተህ ጨርስ። በእውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተው «ድፍረት» ፊልም በ2006 ነሐሴ ላይ ብሔራዊ ቴአትር ሊመረቅ እንግዳው ከተቀመጠ በኋላ በፍርድ ቤት እግድ ሲቆም ትዝ ይልሃል? እኔ ስሰማ የታየኝ የፕሮዲዩሰሩ ሆድ ነው።

የእኛስ ተመረቀ። እህትየዋም መጥታ ነበር፣ በነጻ ትኬት፣ በእኔ። ስትወጣ «ሶፋው ያምራል» አለችኝ።

የቤት ውሉን ናሙና ከፈለግክ በውስጥ መስመር ጻፍልኝ፣ እልክልሃለሁ። ሶፋውም አለ፣ ለቀረጻ አከራያለሁ።