ተፈትኜ አለፍኩ፣ የተቀጠረው ግን ሌላ ሰው ነው፤ መክሰስ እችላለሁ? ላልሽው እህቴ

ጥያቄሽን ደጋግሜ አነበብኩት። ቱሉ ዲምቱ አካባቢ ባለ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ለሂሳብ ባለሙያነት ተወዳደርሽ። የጽሑፍ ፈተናውን በጥሩ ውጤት አለፍሽ። ከዚያ ፈተናው ላይ ያላየሽው ሰው መደቡን ይዞ አገኘሽው። "መብት አለኝ ወይስ ትርፉ ድካም ነው?" ነው ያልሽው።

መብት አለሽ። በመንግሥት መሥሪያ ቤት የሰው ሀብት ክፍል ለዓመታት ሠርቻለሁ። ቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ ውስጥም ነበርኩ። በደረጃ እድገት ጉዳይ እኔም ተከራክሬ አይቻለሁ።

ከሁሉ በፊት መሥሪያ ቤቱ የማን እንደሆነ አረጋግጪ። እኛ ሰፈር ይሄ ቀላል ነገር አይደለም። ቱሉ ዲምቱ የአዲስ አበባ ነው፤ እዚያው አጠገቡ ያለው ኮዬ ፈጬ ደግሞ በሸገር ከተማ ሥር፣ ማለትም የኦሮሚያ ክልል ነው። የፌዴራል ተቋማት ቅርንጫፎችም በመሀል አሉ። የከተማው ከሆነ የሚገዛው የአዲስ አበባ የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ 56/2010 ነው። የፌዴራል ከሆነ የቀድሞው 1064/2010 በአዲሱ 1353/2017 ተተክቷል። የሸገር ከሆነ የክልሉ ሕግ ነው፤ አቤቱታሽም በአፋን ኦሮሞ ይጻፍ። ዛሬም ድረስ በተሻረ አዋጅ የተጻፈ አቤቱታ ይዞ የሚመጣ ሰው አያለሁ፣ ያሳዝነኛል።

ቀጥሎ ሰውዬው በምን መንገድ እንደገባ አጣሪ። በዝውውር መጥቶ ሊሆን ይችላል። ከቀደመ ውድድር በተጠባባቂነት ተይዞ የነበረም ሊሆን ይችላል። እነዚህ በደንቡ ከተሠሩ ሕገ ወጥ አይደሉም። እኔን የሚያናድደኝ ሌላው መንገድ ነው። ሰውን መጀመሪያ በጊዜያዊነት ያስገቡታል፣ ቆይተው ያለ ውድድር ቋሚ ያደርጉታል። ጊዜያዊ ቅጥር ዘላቂነት ለሌለው ሥራ የተፈቀደ ነው። ለዓመታት በማይቋረጥ የሂሳብ ሥራ ላይ "ጊዜያዊ" እያሉ ማስቀመጥ ሰውን በጓሮ በር ማስገባት ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። አቤቱታሽን በሰውዬው ላይ አትጻፊው፤ በሂደቱ ላይ ጻፊው። ኮሚቴ ውስጥ ሳለሁ "የኃላፊው ዘመድ ነው"፣ "ከላይ ተደውሎለት ነው" የሚሉ አቤቱታዎች ይጎርፉ ነበር። ብዙዎቹ እውነት ይመስሉኝ ነበር። ግን ማን ያረጋግጣል? ዝምድናን በወረቀት ማሳየት ከባድ ነው። በአንጻሩ "የተቀጠረው ሰው የፈተና ወረቀት ይቅረብ" የሚል አንድ ዓረፍተ ነገር ሙሉ የሰው ሀብት ክፍል ሲያስጨንቅ አይቻለሁ። ወረቀቱ ከሌለ የለም።

ስለዚህ የማስታወቂያውን ፎቶ፣ የተመዘገብሽበትን ማስረጃ፣ ውጤት የተለጠፈበትን ሰሌዳ ፎቶ ሰብስቢ። ከዚያ የተወዳዳሪዎችን ውጤት ዝርዝር እና የቅጥር ኮሚቴውን ቃለ ጉባኤ በጽሑፍ ጠይቂ። በአፍ አትጠይቂ፤ "ነገ ነይ" ይሉሻል። ደብዳቤሽን መዝገብ ቤት አስገቢ። በቅጂሽ ላይ ገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማህተም ሳያርፍበት አትውጪ። ለፌዴራል መሥሪያ ቤት የመረጃ ነፃነት አዋጁን 590/2000ን ጥቀሺ። ቢዘገይ በ30 ቀን ውስጥ መልስ እንዲሰጡ ያዛል። ቃለ ጉባኤው ላይ ስለ ቃል ፈተናው ነጥብ አሰጣጥ የተጻፈውን በደንብ እዪው። የጽሑፍ ፈተናን መንካት ያስቸግራል፤ ብዙ ጊዜ ነገር የሚበላሸው ቃል ፈተና ላይ ነው። 1064/2010 ውጤታቸው እኩል ወይም ተቀራራቢ ለሆኑ ሴት ተወዳዳሪዎች ቅድሚያ ይሰጥ ነበር። አንቺን የሚገዛው ሕግ ተመሳሳይ ድንጋጌ ካለው እሱንም አንሺው።

ፍጠኚ። አዲስ ተቀጣሪ የሙከራ ጊዜ አለው፤ በ1064/2010 ስድስት ወር ነበር። ሰውዬው ገና በሙከራ ላይ እያለ ቅጥሩን ማሰረዝና ቋሚ ከሆነ በኋላ ማሰረዝ በጣም ይለያያል። የአቤቱታ ጊዜ ገደብም አለ፤ መልስ እየጠበቅሽ ወራት አታሳልፊ።

የት ትሄጃለሽ? የመሥሪያ ቤቱ ሠራተኛ ብትሆኚ ቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ፣ ከዚያ የአስተዳደር ፍርድ ቤት ነበር መንገዱ። አንቺ ከውጭ የተወዳደርሽ ስለሆንሽ መጀመሪያ ለኃላፊው አመልክቺ፤ ካልሆነ ቅጥርን ለሚቆጣጠረው አካል። አዲስ አበባ ላይ ይሄ የፐብሊክ ሰርቪስና የሰው ሀብት ልማት ቢሮ ነው። ጎን ለጎን ለሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም ማመልከት ትችያለሽ፤ ክፍያ የለውም። የተቋሙ ውሳኔ የመፍትሔ ሐሳብ ነው፣ እንደ ፍርድ አይፈጸምም። ግን መርማሪው ሰነድ ሲጠይቅ ለአንቺ "የለም" የተባለው ፋይል ይገኛል። የፌዴራል ተቋም ከሆነ በአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ 1183/2012 መሠረት ውሳኔው በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት እንዲከለስ መጠየቅ ይቻላል። እዚያ ስትደርሺ ግን የሕግ ባለሙያ ያዢ። አቅም ከሌለሽ ዩኒቨርሲቲዎች የከፈቷቸውን ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከላት ሞክሪ።

ብታሸንፊ ምን ታገኛለሽ? በቀጥታ መደቡን የሚሰጥሽ ውሳኔ አልፎ አልፎ ነው። እኔ ያየሁት አብዛኛው ቅጥሩ ይሰረዝና ውድድሩ እንደገና ይካሄድ የሚል ነው። የእኔም የደረጃ እድገት ጉዳይ እንደዚያ ነው ያለቀው። ስለዚህ አቤቱታሽ ላይ ሁለቱንም ጠይቂ፦ በውጤቴ ልቀጠር፤ ይህ ካልሆነ ውድድሩ በገለልተኛ ኮሚቴ ይደገም። ያልጠየቅሽውን ማንም አይወስንልሽም።