ደብዳቤ አስገብቼ መልስ የለም፣ ፍርድ ቤት ያስገድድልኛል?

ጥያቄ፦ ሰላም እንዴት ናችሁ፣ የሙያ ፈቃዴን ደረጃ እንዲያሳድጉልኝ አንድ የፌዴራል መስሪያ ቤት ማመልከቻ ካስገባሁ ወራት አልፈዋል። ስሄድ «ፋይሉ ኃላፊው ጋ ነው» ይሉኛል፣ ኃላፊው ደግሞ ሁሌ ስብሰባ ላይ ነው። እሺም እምቢም አላሉኝም፣ እምቢ ሳይሉኝ በምን ልክሰሳቸው? ፍርድ ቤትስ ፈቃዱን ይሰጠኛል?

መልስ፦ ከመጨረሻው ልጀምርልህ፣ ፈቃዱን ፍርድ ቤት አይሰጥህም። ዳኛው ማለት የሚችለው «ለጠየቀው ነገር ሕጉን ተከትላችሁ ወስኑለት» ነው፣ እምቢ ካሉህና ውሳኔው ከሕግ ውጪ ከሆነም ይሽረዋል፣ ብቁ ነህ አይደለህም የሚለው ግን የመስሪያ ቤቱ ስራ ነው። ብዙ ሰው እዚህ ጋ ነው የሚሸወደው፣ ክሱ ላይ «ፈቃድ ይሰጠኝ» ብቻ ብሎ ይጽፍና ይወድቅበታል። አንተ «ላቀረብኩት ማመልከቻ በጽሁፍ ምክንያት ያለው ውሳኔ ይስጡኝ» የሚለውን አስቀድም።

መሰረቱ የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ነው። ከዛ በፊት ለሁሉም መስሪያ ቤት የሚሰራ እንዲህ ያለ አንድ ሕግ አልነበረንም፣ አሁን ግን ውሳኔ በጽሁፍ እና ከነምክንያቱ መሰጠት አለበት፣ የሚከለሰውም ፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ስለዚህ ነገ «ጥያቄዎ ተቀባይነት የለውም» የምትል አንድ መስመር ደብዳቤ ቢሰጡህ ራሷ መከራከሪያህ ናት፣ እንደውም ከዝምታው ትሻልሃለች። ዝም ሲሉህ ደግሞ ማዘግየታቸው ከመከልከል አይለይም ብለህ ነው የምትከራከረው።

ግን ማስረጃ አለህ ወይ? ዋናው ጣጣ እሱ ነው፣ ብዙዎቻችን ዋናውን ሪከርድ ክፍል ሰጥተን ባዶ እጃችንን ነው የምንወጣው። ቀሪው ኮፒ ላይ ገቢ ቁጥር፣ ቀን እና ማህተም ከሌለ «እኛ ጋ አልደረሰም» ብለው ሊገላገሉህ ይችላሉ። ካላስመታህ አሁኑኑ ማስታወሻ ደብዳቤ ጻፍና የመጀመሪያውን ማመልከቻ ቀን ጥቀስበት፣ ኮፒውን አስመታ። ከዛ እዛው መስሪያ ቤት ቅሬታ ሰሚ ጋ በጽሁፍ አመልክት፣ እነሱን ሳትጨርስ ፍርድ ቤት ከሄድክ «መጀመሪያ የውስጡን ጨርስ» ተብለህ ልትመለስ ትችላለህ። ውሳኔ በእጅህ ከገባ ደግሞ ቶሎ በል፣ የማመልከቻ ጊዜው አጭር ነው፣ ጠበቃ ማማከርም ያኔ ነው።

እንባ ጠባቂ ጋስ? ሂድ፣ አንዳንዴ እነሱ በሚጽፉት ደብዳቤ ብቻ ፋይሉ ይነቃነቃል፣ የሚሰጡት ግን የመፍትሔ ሀሳብ እንጂ እንደ ፍርድ ቤት የሚያስገድድ ትዕዛዝ አይደለም።

ክልል ላይ ያላችሁ አንባቢዎች፣ ይሄ አዋጅ ለፌዴራል መስሪያ ቤቶች እና ለአዲስ አበባና ድሬዳዋ ከተማ አስተዳደሮች ነው፣ እናንተ የክልላችሁን ሕግ እዩ።