ያገለገለ ኤስ 23 አልትራ ከመግዛትህ በፊት

አንድ ወንድማችን ከመሐል ሜዳ እንዲህ ሲል ጠይቆኛል፦ «እንግዶች ይዤ ወደ መንዝ ጓሳ እወጣለሁ። ጭላዳና ቀይ ቀበሮ ማንሳት እወዳለሁ። አሁን የያዝኩት ስልክ ጠዋት ጠዋት 30 በመቶ እያለው ድርግም ይላል። አንድ ሰው ያገለገለ ሳምሰንግ ጋላክሲ ኤስ 23 አልትራ ‹ሳይፈታ ነው› ብሎ ሊሸጥልኝ ነው። ደብረ ብርሃን መጥቼ ላየው ነው። ምኑን ልይ?»

መጀመሪያ የብርዱን ነገር እንጨርስ፤ አዲሱ ስልክም ከእሱ አያመልጥምና። ሊቲየም ባትሪ ብርድ አይወድም። ሲቀዘቅዝ ውስጡ ያለው ኬሚካል ይለግማል፣ ኃይል ለማውጣት ይከብደዋል። አንተ ካሜራ ስትከፍት ስልኩ ባንዴ ብዙ ኃይል ይጠይቃል። ቮልቴጁ ዝቅ ይላል። ስልኩም ባትሪው ያለቀ መስሎት ራሱን ያጠፋል። ቻርጁ ግን የትም አልሄደም፤ ኪስህ ውስጥ አሙቀህ ስታበራው መልሰህ ታገኘዋለህ። ያረጀ ባትሪ ላይ ደግሞ ይብሳል። ሳምሰንግ ራሱ ስልኮቹን ከ0 እስከ 35 ዲግሪ ባለው ሙቀት ተጠቀሙባቸው ነው የሚለው። ጓሳ ከ3,200 ሜትር በላይ ነው። የኅዳርና የታኅሣሥን ውርጭ ለመንዝ ሰው እኔ አልነግርም።

ስለዚህ አልትራውንም ብትገዛ ጠዋት በእጅህ ይዘኸው አትዙር። በርኖስህ ሥር፣ ደረትህ ላይ አድርገው። ፓወር ባንኩንም እንደዚያው። ስልኩ በረዶ ሆኖ ሳለ ቻርጅ ላይ አትሰካው፣ መጀመሪያ ይሙቅ። ከዜሮ በታች ቻርጅ የተደረገ ባትሪ ውስጡ ይጎዳል፣ ያ ጉዳት ደግሞ አይመለስም።

አሁን ወደሚሸጠው ስልክ። ባትሪው 5,000 ሚሊአምፕ-አወር ነው፣ አዲስ ሳለ ቀኑን ሙሉ ይዞ ይውላል። ግን ይህ ሞዴል ገበያ የወጣው የካቲት 2015 ዓ.ም. ነው፤ ቀደም ብሎ የተገዛ ከሆነ ባትሪው ብዙ ሠርቷል። ሻጩን ቡና ጋብዘውና ግማሽ ሰዓት ቪዲዮ አጫውት። ሁለት ሦስት በመቶ ከወረደ ደህና ነው። ከአምስት ካለፈ፣ ወይም ከ60 ወደ 54 ዘሎ ከወረደ፣ የባትሪ መቀየሪያውን ከዋጋው ላይ አስቀንስ።

ካሜራው ላይ ረጋ በል። «200 ሜጋፒክስል» የሚለው ማስታወቂያ አያደንዝዝህ። ስልኩ በራሱ ሲያነሳ 16 ነጥቦችን እንደ አንድ ቆጥሮ 12 ሜጋፒክስል ፎቶ ነው የሚሰጥህ። እሱም ይበቃል። አንተን የሚጠቅምህ 10 እጥፍ የሚያቀርበው ሌንስ ነው፣ ጭላዳውን ሳትጠጋው ፊቱን የምታገኘው በእሱ ነው። እዚህ ላይ እኔ ራሴ አንድ ጊዜ ተሸውጃለሁ። ሱቄ ውስጥ ግድግዳ ላይ ያለ ካላንደር በ10 እጥፍ አንስቼ «ይሠራል» ብዬ ለደንበኛ መሰከርኩ። ለካ ብርሃን ሲያንስ ወይም ነገሩ ቅርብ ሲሆን ስልኩ ያንን ሌንስ ይተወውና ከዋናው ካሜራ ቆርጦ ያሳድጋል። ሌንሱ ሞቶ ኖሯል! ከዚያ ወዲህ ሁልጊዜ ደጅ ወጥቼ ነው የምፈትሸው። ሩቅ ያለ የቤት ክዳን ላይ 10 እጥፍ አቅርብ፣ ከዚያ ከጀርባው ታች ያለችውን ውስጧ አራት ማዕዘን የሆነች ሌንስ በጣትህ ሸፍን። ምስሉ ከጨለመ ሌንሱ በሕይወት አለ። ምስሉ ዝም ብሎ የሚንቀጠቀጥ ወይም ካሜራው የሚነዝር ከሆነ ደግሞ ስልኩ ወድቆ ሊሆን ይችላል።

ስክሪን። ለዚህ ስልክ ኦሪጅናል ስክሪን መግዛት ሌላ መካከለኛ ስልክ እንደመግዛት ነው፣ ስለዚህ አትቸኩል። መደወያው ላይ *#0*# ስትጽፍ የመፈተሻ ገጽ ይከፈታል። ቀዩን፣ አረንጓዴውን፣ ሰማያዊውን አንድ በአንድ እያቸው። ከዚያ ነጭ ፎቶ ሙሉ ስክሪን ላይ ክፈትና ስክሪኑ ላይ ታትሞ የቀረ የኪቦርድ ጥላ ወይም ቀጭን መስመር ካለ ፈልግ። መስመር ካለ ተወው፣ በርካሽም አትግዛው። ስልኩ ውስጥ የሚቀመጠውን ብዕር አውጥተህ ስክሪኑ ላይ ከጥግ እስከ ጥግ አስምር፤ የጣት አሻራህንም አስገባ። ኮፒ ስክሪን ብዙ ጊዜ የሚጋለጠው እነዚህ ሁለቱ ላይ ነው።

ዲዛይኑ ላይ ብዙ አልልም። ያምራል፣ 234 ግራም ነው፣ ጀርባው መስታወት ስለሆነ ከቨር ግዛለት። ጠርዙ ትንሽ ስለሚታጠፍ ስክሪኑ ላይ በፈሳሽ ሙጫ የሚለጠፈውን መስታወት ለማንም ቸኳይ አትስጥ፤ ሙጫው ስፒከር ውስጥ ገብቶ የመጣልኝ ስልክ ብዙ ነው።

«ሳይፈታ» የሚለውን ቃል ግን ፈትሸው። ጥፍርህን በጀርባው መስታወትና በፍሬሙ መሀል አስኪድ። አንድ ቦታ ከፍ ካለ ወይ ተፈትቷል፣ ወይ ባትሪው አብጧል። 1.5 ሜትር ውኃ ውስጥ 30 ደቂቃ ይችላል የሚባለው ከፋብሪካ እንደወጣ ላለው ነው። አንዴ የተፈታ ስልክ ጣርማበር ጉም ውስጥ ውሎ ሞቃት ቤት ሲገባ ሌንሱ ከውስጥ ላብ ሲያወጣ አይቻለሁ።

ብር ከመክፈልህ በፊት ሻጩ አካውንቱን አውጥቶ ሪሴት ያድርገው፣ ከዚያ ዋይፋይ አገናኘው። የሌላ ሰው አካውንት ወይም ያልተከፈለ ዕዳ የሚል ገጽ ከመጣ ተነስተህ ሂድ። ውጭ አገር በየወሩ ክፍያ ተገዝተው ሳይከፈልባቸው የሚመጡ አሉ፤ እነሱን እኔም አልከፍትልህም።

የያዝከውን አሮጌ ስልክም ይዘኸው ና። እንደነገርከኝ ከሆነ ባትሪው ብቻ ነው የደከመው። እሱ ተቀይሮ አንድ ሁለት ጠዋት ጓሳ ላይ ከሞከርከው በኋላ አልትራው ያን ያህል ያስቸኩልህ እንደሆነ ታየዋለህ።