የፒተር ሎሬን የጀርመንኛ ፊልሞች ከየት ልጀምር? ላሉት

«ካዛብላንካ» በተባለው የሆሊውድ ፊልም ውስጥ ያዩትን ዓይነ ትልቁን አጭር ተዋናይ በራሱ ቋንቋ ለማወቅ፣ ፍሪትዝ ላንግ በ1931 (በአውሮፓ አቆጣጠር) ባዘጋጀው «ኤም» ይጀምሩ። ቀጥሎ የ1951ዱን «ደር ፈርሎረነ» ይዩ። ሁለቱን በዚህ ቅደም ተከተል ካዩ ሰውየውን አገኙት ማለት ነው።

«ኤም» ላይ ሎሬ የሕፃናት ገዳይ ነው፤ ለብዙ ደቂቃ ጥላውንና ፉጨቱን እንጂ እሱን በቅጡ አናየውም። (ሎሬ ማፏጨት ስለማይችል ያፏጨው ላንግ ራሱ ነው።) መጨረሻ ላይ ወንበዴዎች ሲፈርዱበት ግን ተንበርክኮ፣ ጣቶቹን እንደ ጥፍር አጥፎ፣ ራሱን መግታት እንደማይችል ይጮኻል። ነፍሰ ገዳይ መሆኑን እያወቅን እናዝንለታለን። እንዲህ ያለ ትወና ከዚያ ወዲህ ጥቂት ነው ያየሁት።

አይሁዳዊ ስለነበር ሂትለር ሥልጣን በያዘበት በ1933 ከጀርመን ወጣ። በሆሊውድ አብዛኛውን ጊዜ ተንኮለኛና እንግዳ ጠባይ ያለው ሰው ሆኖ እንዲጫወት ብቻ ነበር የሚፈልጉት። «ደር ፈርሎረነ»ን ለመሥራት ወደ ጀርመን ተመለሰ፤ ያዘጋጀው ብቸኛ ፊልም ነው፣ ዋናውን ገጸ ባሕርይም ራሱ ተጫውቶታል። የጀርመን ተመልካች ፊቱን አዞረበት፤ እኔ ግን ሐዘኑ የከበደ ግሩም ሥራ እለዋለሁ።

አንድ ነገር ይጠንቀቁ፦ የ«ኤም» ቅጂዎች ብዙ ናቸው። ርዝመቱ ከ100 ደቂቃ በታች ከሆነ የተቆረጠ ነው፤ በሌላ ቋንቋ ድምፅ የተተካበትንም ይተዉት። ጀርመንኛ ባይሰሙም የግርጌ ጽሑፍ ያለውን ይምረጡ፤ የሎሬ ድምፅ ሲሰበር መስማት አለብዎት።