ጸሐፊው የጠፋበት እድር

ጥያቄ፦ ፒያሳ አካባቢ ትንሽ የኮምፒውተር ጥገና ቤት አለኝ። ሊኑክስ በቶረንት ሳወርድ ትራከሩ አይመልስም፣ ፋይሉ ግን ይወርዳል። ታዲያ ኮምፒውተሬ ሌሎቹን ከየት አገኛቸው? ደግሞ በስልክ ዳታ ስሆን ሌሎች ከእኔ ለመውሰድ የሚቸገሩት ለምንድን ነው?

መልስ፦ ወንድሜ፣ በቶረንት ፋይሉን የምትወስደው ከአንድ ቦታ ሳይሆን ፋይሉ ካላቸው ሌሎች ሰዎች ኮምፒውተር ነው፤ እነሱን የእድሩ አባላት፣ ትራከርን ደግሞ የእድር ጸሐፊ በለው። የትኛው ፋይል እነማን ጋ እንዳለ መዝግቦ ይይዛል፣ ስትጠይቀው ዝርዝሩን ይሰጥሃል። ቢትቶረንት፣ ማለትም የቶረንት አሰራሩ፣ እ.ኤ.አ. በ2001 ሲጀምር እንዲህ ነበር። ጸሐፊው ከጠፋ ግን አለቀ።

እ.ኤ.አ. በ2005 ዲኤችቲ የሚባለው መጣና መዝገቡ ለአባላቱ ተከፋፈለ። በ2016 ዓ.ም. ፒያሳ ሲፈርስ ጎረቤቱ ተበታተነ አይደል? ስልኳ የጠፋብህን የድሮ ጎረቤት ስትፈልግ ቁጥሩ ያለህ ሰው ጋ ትደውላለህ፣ እሱ የት እንደገባች አያውቅም፣ ግን እሷን የሚቀርብ ሰው ያውቃል፣ ያኛው ደግሞ እህቷን ያውቃል። ኮምፒውተርህ የሚያደርገው ይሄንኑ ነው። እያንዳንዱ አባል ባለ 160 ቢት ቁጥር አለው፣ ፋይሉም እንደዚሁ። ፋይሉ እነማን ጋ እንዳለ የሚመዘግቡት ቁጥራቸው ለፋይሉ ቁጥር የሚቀርብ አባላት ናቸው። በየጥያቄው ርቀቱ በግማሽ ገደማ ስለሚያጥር፣ 1 ሚሊዮን አባል ቢኖር እንኳ 20 ያህል እርምጃ ይበቃል። ቅርብ ስልህ ታዲያ በቁጥር እንጂ በሰፈር አይደለም! አራት ኪሎ ያለ ኮምፒውተር ጎረቤቱ ብራዚል ሊሆን ይችላል።

የመጀመሪያዋ ስልክ ቁጥርስ? እሷ ፕሮግራሙ ውስጥ ቀድማ ተጽፋለች። ቢትኮይንም ያው ነው፤ ሲጀምር የሚጠይቃቸው ጥቂት ሰርቨሮች ስማቸው ኮዱ ውስጥ አለ፣ ከዚያ በኋላ ያገኛቸውን አድራሻዎች ራሱ ያስቀምጣል። ስለዚህ "ማዕከል የሚባል ነገር የለውም" ሲሉህ ሙሉ በሙሉ አትመን፤ በሩን የሚያሳይ ሰው ሁሌም አለ።

የስልክ ዳታው ችግር ሌላ ነው። ብዙ ደንበኛ አንድ የአይፒ አድራሻ፣ ማለትም ኢንተርኔት ላይ የሚታወቅበትን ቁጥር፣ ይጋራል፣ ልክ በአንድ በር እንደሚገባበት ግቢ። ዘበኛው አንተ ስትወጣ ዝም ይልሃል፣ ያልጠራኸው እንግዳ ሲመጣ ግን ይመልሰዋል። መላው፣ ሁለታችሁንም የሚያውቅ ሦስተኛ ኮምፒውተር አድራሻችሁን ያለዋውጣችሁና በአንድ ጊዜ ትላላካላችሁ፣ ያኔ የሁለቱም ግቢ ዘበኛ "ይሄማ የተጠራ ነው" ብሎ ያሳልፋል። አንዳንዱ ኔትወርክ ላይ ይሄም አይሰራም። የሱቅህ መስመር ከማንም ጋር የማይጋራው የራሱ የሕዝብ አይፒ ካለው ግን ይሄ ሁሉ ጣጣ የለብህም፣ ራውተሩ ላይ የቶረንቱን ፖርት (የመግቢያ በሩን ቁጥር) ክፈትለት።