በኢሙሌተር የምንጫወተውን ጌም መቀየርና ለሌሎች ማደል በሕግ ያስጠይቃልን?

ጥያቄ፦ የጌም ኮንሶል አለኝ፤ ዲስኮቹንም በገንዘቤ ገዝቻለሁ። አሁን ግን ጌሞቹን የምጫወተው ኮምፒውተሬ ላይ በጫንኩት ኢሙሌተር ነው። የአንዱን ጌም ምስሎች በከፊል በራሴ ሥዕሎች ተክቻለሁ፤ የገጸ ባሕርያቱን ንግግርም ወደ አፍ መፍቻ ቋንቋዬ እየተረጎምኩ ነው። ሥራው ሲያልቅ ለሌሎች ተጫዋቾች በነጻ ላድለው፣ የፈለገ ደግሞ በገንዘብ እንዲደግፈኝ አስቤያለሁ። ኢሙሌተር መጠቀም ራሱ ወንጀል ነው ያሉኝ አሉ፤ ገዝተኸዋልና የፈለግኸውን አድርግ ያሉኝም አሉ። ትክክለኛው የቱ ነው?

መልስ፦ ውድ ጠያቂ፣ ሁለቱም አስተያየቶች ትክክል አይደሉም፤ የሳቱትም በአንድ ምክንያት ነው። የነገሩኝን ሁሉ እንደ አንድ ድርጊት ቆጥረው በአንድ ቃል ሊፈርዱበት ሞክረዋል። በሕግ ዓይን ግን ኢሙሌተር መጫን፣ ከኮንሶሉ ባዮስ (ኮንሶሉ ሲበራ የሚያስነሳው መሠረታዊ ፕሮግራም) ወይም የምስጠራ ቁልፍ ማውጣት፣ ዲስኩን ወደ ፋይል መገልበጥ፣ ጌሙን መቀየርና የተቀየረውን ለሌሎች ማደል ለየብቻ የሚመዘኑ ድርጊቶች ናቸው፤ አንዱ ስለተፈቀደ ሌላው ይፈቀዳል ማለት አይደለም። በእርስዎ ላይ የሚጸናው የሚኖሩበት አገር ሕግ መሆኑን አይርሱ። እኔ ግን በዚህ ጉዳይ ጎልተው የሚጠቀሱትን የአሜሪካ፣ የአውሮፓ ኅብረትና የጃፓን ውሳኔዎች፣ እንዲሁም ብዙ አገሮች የተቀበሏቸውን ዓለም አቀፍ ስምምነቶች መሠረት አድርጌ እመልሳለሁ (ዓመታቱን ሁሉ የጻፍኩት እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር ነው)።

በኢሙሌተሩ ልጀምር። ኢሙሌተር የኮንሶሉን ሥራ በኮምፒውተር ላይ የሚያከናውን ፕሮግራም ነው፤ የቅጂ መብት ደግሞ የሚጠብቀው የተጻፈውን ኮድ እንጂ ማሽኑ የሚሠራበትን ዘዴ አይደለም። ኮኔክቲክስ የተባለ ኩባንያ የፕሌይስቴሽን ጌሞችን በማኪንቶሽ ኮምፒውተር ላይ የሚያስኬድ ፕሮግራም ሠርቶ በሶኒ በተከሰሰ ጊዜ፣ መሐንዲሶቹ አሠራሩን ለማጥናት ሲሉ የሶኒን ባዮስ ደጋግመው መገልበጣቸው አልተካደም፤ ለገበያ በቀረበው ፕሮግራም ውስጥ ግን የሶኒ ኮድ አልነበረበትም። የአሜሪካ ዘጠነኛው ወረዳ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ2000 ዓ.ም. በሰጠው ውሳኔ ለጥናት የተደረገው ግልበጣ ተገቢ አጠቃቀም (ያለ ባለቤቱ ፈቃድም ሕግ የሚፈቅደው ውስን አጠቃቀም) ነው ብሏል። በአውሮፓ ኅብረትም የ2009ኙ የኮምፒውተር ፕሮግራሞች መመሪያ፣ ፕሮግራሙን በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው አሠራሩን እየተከታተለ እንዲያጠና፣ በጠባብ ሁኔታዎችም ከሌላ ፕሮግራም ጋር እንዲጣጣም ኮዱን እንዲፈታ ይፈቅዳል። ስለዚህ የሌላ ሰው ኮድ ሳይሰረቅ የተጻፈ ኢሙሌተር መጫን በራሱ ወንጀል ነው የሚለው አባባል በእነዚህ አገሮች ሕግ መሠረት የለውም።

አብዛኛው ሰው ሳያስተውለው የሚያልፈው ቀጣዩን ደረጃ ነው፤ እኔንም ከሁሉ ይበልጥ የሚያሳስበኝ እርሱ ነው። የቆዩ ኮንሶሎች ካርትሪጅ (ጌሙን የያዘው ተነቃይ ካሴት) በአብዛኛው በምስጠራ አልተቆለፈም። በአዳዲሶቹ ኮንሶሎች ግን ጌሙ የተመሰጠረ ስለሆነ ኢሙሌተሩ ሊያነበው የሚችለው ከኮንሶሉ የወጣ ቁልፍ ሲሰጠው ብቻ ነው። የዓለም የአእምሯዊ ንብረት ድርጅት የ1996ቱ የቅጂ መብት ስምምነት በ11ኛው አንቀጹ አባል አገሮች እንዲህ ያሉ የቴክኖሎጂ መከላከያዎችን መስበርን የሚቃወም በቂ የሕግ ጥበቃ እንዲያደርጉ ያስገድዳል፤ አሜሪካ በ1998፣ የአውሮፓ ኅብረት ደግሞ በ2001 ይህንኑ በሕጋቸው አስገብተዋል። እዚህ ላይ ልብ ሊሉት የሚገባው ነገር፣ መከላከያውን መስበር ከግልበጣው ተነጥሎ በራሱ ሊያስጠይቅ መቻሉ ነው። ከላይ የጠቀስኩት የአሜሪካ ፍርድ ቤት በ2010 በጌም ኩባንያው በብሊዛርድ ጉዳይ ላይ ሲወስን፣ ወደ ሥራው መድረሻውን የዘጋ መከላከያ የሰበረ ሰው የቅጂ መብት ባይጥስ እንኳ ሊጠየቅ ይችላል ብሏል፤ በዚህ ነጥብ የማይስማሙ ሌሎች የአሜሪካ ፍርድ ቤቶች መኖራቸው ግን መታወቅ አለበት።

የጌም ኩባንያው ኒንቴንዶ በየካቲት 2024 ዩዙ የተባለውን፣ ስዊች የሚባለውን ኮንሶሉን የሚመስል ኢሙሌተር አዘጋጆች የከሰሰውም በዚሁ መንገድ ነበር። የክሱ እምብርት ኮዳችንን ገለበጣችሁ የሚል ሳይሆን ፕሮግራማችሁ መቆለፊያችንን ለመስበር የሚያገለግል ነው የሚል ነበር። ጉዳዩ በቀጣዩ ወር ሲያበቃ አዘጋጆቹ 2.4 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈልና ሥራውን ለማቆም ተስማሙ። ክርክሩ በስምምነት ስለተቋጨ ፍርድ ቤት መርምሮ የሰጠው ትንታኔ የለም፤ ስለዚህም ኢሙሌተር ታገደ ብሎ ለሚያወራ ሰው ይህ ጉዳይ ማስረጃ አይሆነውም። በአንጻሩ የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት በ2014 በኒንቴንዶና የኮንሶሎቹን መቆለፊያ የሚያልፉ መሣሪያዎች ይሸጥ በነበረው በፒሲ ቦክስ መካከል በነበረው ጉዳይ፣ የሕጉ ጥበቃ ከዓላማው ጋር የተመጣጠነ መከላከያን ብቻ እንደሚመለከትና መሣሪያው በተግባር ለምን እንደሚውል መታየት እንዳለበት አመልክቷል። የእርስዎ ኮንሶል የቆየና መቆለፊያ የሌለው ከሆነ ይህ ክፍል አይመለከትዎትም። አዲስ ከሆነ ግን ቁልፉን ከራስዎ ማሽን ቢያወጡት እንኳ ከስጋት ነጻ ነዎት ልልዎ አልችልም፤ የሌላ ሰው ቁልፍ ወይም ባዮስ ከኢንተርኔት ማውረድ ደግሞ ይባስ ይጎዳዎታል።

ዲስኩን መገልበጥን በተመለከተ፣ መጽሐፍ የገዛ ሰው ወረቀቱን እንጂ የማሳተም መብቱን እንዳልገዛ ሁሉ እርስዎም የገዙት ዲስኩን ነው። ሆኖም የአሜሪካ ሕግ የፕሮግራም ቅጂ ባለቤት ለመጠባበቂያ አንድ ተጨማሪ ቅጂ እንዲያስቀር ይፈቅዳል፤ ዲስኩን ለሌላ ሲያስተላልፍ ግን ቅጂው ከእርሱ ዘንድ መቅረት የለበትም። በአውሮፓም ተመሳሳይ ፈቃድ አለ፤ ይሁን እንጂ በፒሲ ቦክስ ጉዳይ ፍርድ ቤቱ ጌም ፕሮግራም ብቻ ሳይሆን ሥዕልና ድምፅም ያለበት ውስብስብ ሥራ ነው ስላለ፣ ለፕሮግራም የተሰጠው የመጠባበቂያ መብት ለጠቅላላው ጌም ይበቃል ብሎ መደምደም ያስቸግራል። ዲስኩ ቤቴ ስላለ ፋይሉን ከኢንተርኔት ባወርደው ምንም አይደለም የሚለው ክርክር ግን አያዋጣም፤ የጫነው ሰው የማደል መብት አልነበረውምና። ወርዶ በ24 ሰዓት ውስጥ የተሰረዘ ፋይል አያስጠይቅም የሚለውም ወሬ ነው፤ በአንዳቸውም ሕግ ውስጥ የለም።

አሁን ወደ ዋናው ጥያቄዎ፣ ወደ መቀየሩ እመጣለሁ። ፍርድ ቤቶች በዚህ ላይ አንድ ልብ አይደሉም። ጌም ጂኒ የተባለው፣ በኮንሶሉና በካርትሪጁ መካከል ገብቶ የተጫዋቹን የሕይወት ብዛትና ፍጥነት የሚለውጥ መሣሪያ ከኒንቴንዶ ጋር ክርክር አስነሥቶ፣ ዘጠነኛው ወረዳ በ1992 ለውጡ በተጨባጭ ወይም በቋሚ መልክ የሰፈረ አዲስ ሥራ አልፈጠረም በማለት መሣሪያውን ነጻ አወጣ። የጃፓን ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደግሞ በ2001 ቶኪሜኪ ሜሞሪያል በተባለው ጌም ጉዳይ፣ የገጸ ባሕርዩን ውስጣዊ መለኪያዎች የሚለውጥ የማስታወሻ ካርድ ታሪኩን ከታሰበለት መስመር ስላስወጣ የደራሲውን የሥራ ምሉዕነት መብት ጥሷል፤ ካርዱን አስመጥቶ የሸጠውም ተጠያቂ ነው አለ። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት በበኩሉ በጥቅምት 2024፣ በሶኒና በዴቴል ጉዳይ፣ ጌሙ እየሄደ ሳለ በሜሞሪ ውስጥ የሚቀመጡትን ተለዋዋጭ ቁጥሮች ብቻ የሚቀይር ሶፍትዌር የፕሮግራሙን ኮድ እስካልነካ ድረስ የፕሮግራሞቹን መመሪያ አይጥስም ሲል ወሰነ። ለተቀራራቢ ድርጊት በሦስት ቦታ የተለያየ መልስ መሰጠቱን ሲያዩ፣ የሚኖሩበትን አገር ሕግ ሳያጣሩ እንዳይነሱ የምለምንዎት ለምን እንደሆነ ይገባዎታል።

የእርስዎ ሥራ ግን ቁጥር ከመለወጥ ያልፋል። ከባዶ ተነሥተው የሳሉት የግድግዳ፣ የሰማይ ወይም የሣር ምስል የራስዎ ፈጠራ ነው፤ ኢሙሌተሩም ከተለየ አቃፊ እያነበበ በዋናው ምትክ ስለሚያሳየው የጌሙ ፋይል አይነካም። በአንጻሩ ዋናውን ምስል አውጥተው በሰው ሠራሽ አስተውሎት ያጠሩት ከሆነ ወይም የጌሙን ገጸ ባሕርይ መልሰው የሳሉት ከሆነ ከነባር ሥራ የመነጨ ነውና ፈቃድ ይፈልጋል። ትርጉሙ ከዚህም የከበደ ነው። የበርን ስምምነት በ8ኛው አንቀጹ ሥራን የመተርጎምና ትርጉሙን የመፍቀድ መብት የደራሲው ብቻ መሆኑን በግልጽ ይደነግጋል። ለራስዎ ብቻ ቢተረጉሙት የሚደርስብዎት ነገር የለም ማለት ይቀላል፤ ለሕዝብ ማደሉ ግን፣ ትርጉሙ ምንም ያህል ቢያምርና በፍቅር ቢሠራ፣ ያለ ፈቃድ የተደረገ ስርጭት ነው። ቋንቋዎ በጌሞች ውስጥ ቦታ እንዲያገኝ ያለዎትን ጉጉት እጋራለሁ፤ ስለዚህም ሥራውን ይተዉት ሳይሆን ለመብቱ ባለቤት በጽሑፍ ጥያቄ ያቅርቡ እላለሁ። አንዳንድ አሳታሚዎች ሞድ ሠሪዎች (ጌሞችን የሚቀይሩ ተጫዋቾች) ምን ማድረግ እንደሚችሉ የሚገልጽ ደንብ ስላላቸው አስቀድመው እርሱን ያንብቡ፤ ጌሙን ሲከፍቱ ተስማምቻለሁ ብለው ያለፉትን የተጠቃሚ ውልም እንዲሁ።

ለማደል ከወሰኑ የተቀየረውን ጌም በሙሉ በፍጹም አይስጡ፤ ለውጡን ብቻ የያዘ ፓች ያዘጋጁ፣ ተቀባዩም በራሱ ቅጂ ላይ ያሳርፈው። ፓቹን ሲሠሩ አንድ ነገር ይመርመሩ። አይፒኤስ የሚባለው አሮጌ ዓይነት ፓች የሚመዘግበው የተቀየረውን ቦታና እዚያ የሚገባውን አዲስ ባይት ነው፤ የእርስዎ ጽሑፍ ከዋናው ረዝሞ ከኋላው ያለውን ሁሉ ገፍቶ ከሆነ፣ ቦታው የተዛወረው የጌሙ ይዘት እንዳለ ፓቹ ውስጥ ይገባል። ጥቂት ኪሎባይት ጽሑፍ ቀይረው ፓቹ በርካታ ሜጋባይት ከሆነብዎት፣ እያደሉ ያሉት የሌላ ሰው ጌም ነው ማለት ነው። ቢፒኤስና ኤክስዴልታ የሚባሉት የፓች ዓይነቶች ግን የተዛወረውን ከተቀባዩ ቅጂ ላይ ማንሳት ስለሚችሉ ለዚህ የተሻሉ ናቸው።

ይህም ቢሆን ፓች ሁሉን ያድናል ማለት አይደለም። ማይክሮ ስታር የተባለ ኩባንያ ተጫዋቾች ዱክ ኑከም 3ዲ ለተባለው ጌም የሠሯቸውን 300 ደረጃዎች ሰብስቦ በሲዲ ሸጠ፤ ፋይሎቹ የጌሙን ምስል ከጌሙ ላይ ይጠሩ ነበር እንጂ በውስጣቸው አልያዙም። ያው ዘጠነኛው ወረዳ ፍርድ ቤት ግን በ1998 የጌሙን ታሪክ የሚቀጥሉ የመነጩ ሥራዎች ናቸው ብሎ ፈረደበት። በዚያ ጉዳይ የጌሙ ባለቤት ተጫዋቾች የሠሩትን በነጻ እንዲለዋወጡ ፈቅዶ ነበር፤ የፈቃዱ ወሰን የታለፈው ገንዘብ ሲገባበት ነው። ስለሆነም ያሰቡትን የገንዘብ ድጋፍ እንዲተዉት አጥብቄ እመክራለሁ። ልግስና ነው ቢሉም ከሳሽ ገቢ ብሎ ይጠራዋል፤ ፈቃድ ሲጠይቁም ሆነ ተገቢ አጠቃቀም ነው ብለው ሲከራከሩ የንግድ ዓላማ የለኝም ማለት የሚችሉት ገንዘብ ካልነኩ ነው።

ምናልባት ፋይልዎን የጫኑበት አገልግሎት ሰጪ በአሜሪካ ሕግ መሠረት ከመብቱ ባለቤት ማስታወቂያ ደርሶት ቢያነሳው፣ መቃወሚያ የማቅረብ ዕድል ይሰጥዎታል። መቃወሚያውን ለመሙላት ግን አይቸኩሉ፤ ፋይሉ የተነሳው በስህተት ነው ብለው በሐሰት ምስክርነት ተጠያቂ ሆነው የሚያረጋግጡበት፣ ከአሜሪካ ውጭ ቢኖሩም በዚያ አገር የፌዴራል ፍርድ ቤት ለመዳኘት የሚስማሙበት ሰነድ ነው። ደብዳቤው በቀጥታ በስምዎ ከመጣ ደግሞ ማደሉን ወዲያውኑ ያቁሙ፣ በእጅዎ ያሉትን ፋይሎችና የተጻጻፏቸውን መልእክቶች ሳይሰርዙ ያቆዩ፣ መልስ ከመስጠትዎ በፊትም ደብዳቤውን በአገርዎ ላለ ጠበቃ ያሳዩ።