ስፕሪንግቴይሎችሽ ያለቁት ተርበው አይመስለኝም

እህቴ፣ ለጌኮሽ፣ ማለትም ለምታረቢው እንሽላሊት፣ ቤት ብለሽ በከሰል ላይ ያራባሻቸው ስፕሪንግቴይሎች (ሻጋታ እየበሉ ቤቱን የሚያጸዱ፣ ነፍሳት የሚመስሉ ጥቃቅን ፍጥረታት) በሦስተኛው ሳምንት ማለቃቸውን፣ ሩዙ መሻገቱንና ዕቃው መሽተቱን ነግረሽን «ምግብ አንሷቸው ይሆን?» ብለሽ ጠይቀሻል። እኔ እንደማየው ግን ምግቡ በዝቶ አየሩ ነው ያነሳቸው።

የመጀመሪያው ዕቃዬ ያለቀብኝ እንዲሁ ነው። አንድ ማንኪያ ሙሉ ሩዝ ጨምሬ፣ ክዳኑን ጥርቅም አድርጌ ገጥሜ ሁለት ሳምንት ሳልነካው ቆየሁ። ስከፍተው የኮመጠጠ ሽታ ፊቴን መታኝ። ከሥር ባለው ውሃ ላይ ነጫጭ ነጠብጣቦች ተንሳፍፈው አንድም የሚንቀሳቀስ አልነበረም። የሚበሰብስ ምግብ ኦክስጅኑን ይጨርስና ካርቦን ዳይኦክሳይድ ይለቃል፤ ክዳኑ ጥብቅ ከሆነ ደግሞ መውጫ የለውም። አሁን በሳምንት ሁለት ጊዜ እከፍታለሁ፣ በክዳኑም አራግብላቸዋለሁ። ይህችን ትንሽ ሥራ ከያዝኩ ወዲህ ዕቃ አልሞተብኝም።

ምግቡን በተመለከተ፣ አዲስ ለተጀመረ ዕቃ ሦስት አራት ፍሬ ጥሬ ሩዝ ወይም በጣት ጫፍ የተቆነጠረ ደረቅ እርሾ ይበቃል። የሚመገቡት በአብዛኛው ሻጋታውን ነው። ቁጥራቸው ሲበዛ ሻጋታው ሳይታይ ያልቃል፤ ጥቂት ሲሆኑ ግን እሱ ይቀድማቸዋል። ስለዚህ የፊተኛው ሳያልቅ አትጨምሪ።

የቀረውን አትጣይው! ብዙዎቻችን የምናረባው ነጩ ዝርያ ያለ ወንድ ስለሚራባ ጥቂት ከተረፉልሽ እንደገና መነሳት ትችያለሽ። አዲስ ዕቃ ውስጥ የታጠበ የእንጨት ከሰል አድርጊ (ማቀጣጠያ ኬሚካል የተጨመረበት እንዳይሆን) እና ክሎሪን የሌለው ውሃ የከሰሉን ሩብ ያህል ሙይበት። ከዚያ አሮጌው ዕቃ ውስጥ ቀስ ብለሽ ውሃ ጨምሪ። ሰውነታቸው ስለማይረጥብ ዱቄት የተነሰነሰ ይመስል ወደ ላይ ይወጣሉ፤ ዕቃውን አዘንብለሽ ከላይ ያለውን ብቻ ገልብጪ። የበሰበሰው ሩዝ አብሮ እንዳይሄድ ግን ተጠንቀቂ። ከዚያ በኋላ ትዕግሥት ነው። በ20 ዲግሪ ሴልሺየስ አካባቢ እንቁላሉ ለመፈልፈል ዐሥር ቀን ገደማ ይፈልጋል፣ የተፈለፈለውም እንቁላል እስኪጥል ሳምንታት ያልፋሉ። እኔ አንድ ወር ተኩል ሳይሞላ ወደ ጌኮ ቤት አልወስድም።

ክዳኑ ላይ አየሁ ያልሻቸው ቡናማ ነጥቦች ያሳስቡኛል። በአጉሊ መነጽር እዪያቸው። ስፕሪንግቴይል ረዘም ያለ ነው፣ አንቴና አለው፣ ብዙውን ጊዜ እፍ ሲሉበት ይፈናጠራል። ክብ ሆኖ ዝግ ብሎ የሚሄድ ከሆነ ማይት ነው (ከሸረሪት ወገን የሆነ በጣም ትንሽ ፍጥረት)፣ ምግባቸውን ይሻማል። እንደዚያ ከሆነ በውሃ ማዛወሩ ይቅርና ንጹሖቹን በእርጥብ የቀለም ብሩሽ ጫፍ እየለቀምሽ አውጪ። ዕቃዎቹንም አራርቂ፤ እኔ ሁልጊዜ ሁለት ዕቃ የምይዘው ለዚህ ነው።

አንድ ነገር ሳልጠይቅሽ፦ ጌኮሽ የትኛው ነው? ሊዮፓርድ ጌኮ ከሆነ አብዛኛው ቤቱ ደረቅ ስለሚሆን ስፕሪንግቴይሎቹ እርጥብ መደበቂያው ውስጥ ካልሆነ አይቆዩም፤ የሚተነፍሱት በቆዳቸው ስለሆነ ቶሎ ይደርቃሉ። ክሬስትድ ጌኮ ከሆነ ግን ቤቱ እርጥብ ስለሚሆን አንድ ሁለት ከሰል አንስተሽ ቅጠሉ ሥር መታ መታ ማድረግ ይበቃል።